ልውጠ ሕያዋን፦ የዘረመል ምሕንድስና ጥቅምና ሥጋት ሲመረመር

ስለ ዘረመል ምሕንድስና የሚደረገው ክርክር በስሙ ስፋት የተጎዳ ክርክር ነው። የስኳር ሕመምተኛው ዕለት ዕለት የሚወጋው ኢንሱሊን፣ ትል ቢያኝከው ትሉን የሚገድል የጥጥ ተክል፣ እንዳይጋሸብ ቁመቱ እንዲያጥር የተደረገ ጤፍ፣ ገና በማኅፀን ሳያድር ዘረመሉ የተነካ ሕፃን፣ እነዚህ ሁሉ ከአንድ ጥበብ የተገኙ ስለሆኑ በአንድ ብይን ይጽደቁ ወይም በአንድ ብይን ይኰነኑ የሚሉ ሰዎች በደጋፊውም በተቃዋሚውም ወገን ይገኛሉ። ይህ ዳሰሳ የጥበቡን ታሪክ፣ የወገኖቹን አቋምና የየአቋሙን ማስረጃ ለያይቶ ለማየት የተዘጋጀ ሲሆን፣ ከመነሻው ሳይሸሸግ የሚነገር አሳብ ቢኖረው፣ ተቃዋሚዎች አብዝተው የጮኹበት የምግቡ ጎጂነት ማስረጃው የደከመ፣ ደጋፊዎች በችኰላ ያለፉት የባለቤትነቱና የተባዩ መላመድ ጉዳይ ግን ማስረጃው የበረታ መሆኑ ነው። ዓመታቱ በጎርጎርዮስ አቈጣጠር የተጻፉ ናቸው፤ የኢትዮጵያ አዋጆች ብቻ በወጡበት ቍጥር ተጠርተዋል።

ከመነኩሴው አተር እስከ አሲሎማር

የሰው ልጅ ዘር መምረጥ የጀመረው ጽሕፈት ከመጀመሩ አስቀድሞ ነው። ጤፍን ከዱር ሣር ለይቶ ያለመደውና እንሰትን ከጫካ አምጥቶ በጓሮው የተከለው ኢትዮጵያዊ ገበሬ ስሙ አልተጻፈም፤ ሥራው ግን ከስሙ ይልቅ ስለ ኖረ፣ ሩሲያዊው የዕፀዋት ሊቅ ኒኮላይ ቫቪሎቭ በ1927 አገሪቱን ተዘዋውሮ ካየ በኋላ፣ በዓለም ካሉት የአዝርዕት መገኛ ማእከሎች መካከል ቈጥሯታል። የውርስን ሕግ በቍጥር ያስረዳው ግን በብርኖ ከተማ የአውግስጢኖሳውያን ገዳም መነኩሴ የነበረው ግሪጎር ሜንደል ሲሆን፣ በ1866 ያሳተመው የአተር ጥናቱ እስከ 1900 ድረስ ሰሚ አጥቶ ቈይቷል። በ1953 ጄምስ ዋትሰንና ፍራንሲስ ክሪክ፣ በሮዛሊንድ ፍራንክሊን የኤክስሬይ ምስሎች ተረድተው፣ የውርስ ምስጢር የተጻፈበትን የዲኤንኤ ቅርጽ ገለጡ። ከዚያ ሃያ ዓመት ቈይተው ስታንሊ ኮኸንና ኸርበርት ቦየር ከአንድ ሕያው የተወሰደ ዘረመል በሌላ ሕያው ውስጥ ሊሠራና ሊባዛ እንደሚችል በባክቴሪያ ላይ አሳዩ።

በዚህ ጥበብ ታሪክ ውስጥ ከሌሎች ጥበቦች የሚለይ ነገር ቢኖር፣ ፍርሃቱን አስቀድመው የተናገሩት ባለ ጥበቦቹ ራሳቸው መሆናቸው ነው። በ1974 ፖል በርግና ባልንጀሮቹ አንዳንዶቹ ሙከራዎች ለጊዜው እንዲቈሙ ጠየቁ፤ በ1975 በካሊፎርኒያ አሲሎማር በተባለው ስፍራ የተሰበሰቡት ሊቃውንት ሙከራው በምን ዓይነት ጥንቃቄ መቀጠል እንዳለበት ደንብ አወጡ። ይህ ሥራቸው በብዙዎች ዘንድ የኅሊና ምሳሌ ሆኖ ይጠቀሳል፤ ምስጋናውም ይገባቸዋል። ነገር ግን የጉባኤው አጀንዳ ባክቴሪያው ከቤተ ሙከራ ቢያመልጥ ምን ይሆናል በሚለው ጥያቄ የታጠረ ስለ ነበረ፣ ከጥበቡ የሚገኘው ፍሬ የማን ይሆናል የሚለው ጥያቄ በዚያ ጉባኤ ሳይነሣ አለፈ፤ ዛሬ የሚያከራክረው ግን በአብዛኛው ይኸው ያልተነሣው ነው።

ከጥንቱ ማዳቀል ጋር ያለው ልዩነት የመጠን ነው ወይስ የባሕርይ? ደጋፊዎች ሲመልሱ፣ ከ1920ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ ዘርን በጨረር እየመቱ ውርሱን በዘፈቀደ መለወጥ የተለመደ መሆኑንና በዚህ መንገድ ከሦስት ሺህ የሚበልጡ ዝርያዎች ያለ ልዩ ሕግ ለገበሬ መድረሳቸውን ያመለክታሉ። ተቃዋሚዎች በበኩላቸው፣ ጨረሩ በተክሉ ውስጥ ያለውን ቢያናውጥም ከባክቴሪያ ወስዶ ለጥጥ አይሰጥም፤ የፍጥረትን ወገን ከወገን የለየው ድንበር የተጣሰው አሁን ነው ይላሉ። ለዚህም አንዳንዶች በኦሪት ዘሌዋውያን ምዕራፍ 19 እርሻን በድብልቅ ዘር መዝራትን፣ እንስሳንም ከወገኑ ውጭ ማዳቀልን የሚከለክለውን ሕግ ይጠቅሳሉ። በአገራችን ግን የአህያና የፈረስ ልጅ የሆነችው በቅሎ ለዘመናት ጳጳሱንም መኰንኑንም ተሸክማ ስትሄድ ማንም ሕግ ፈርሷል ብሎ ስላልከሰሰ፣ ከዚህ ጥቅስ ብቻ ተነሥቶ መከራከር የሚያዋጣ አይመስልም።

በመድኀኒት ረገድ

እስከ 1982 ድረስ የስኳር ሕመምተኞች የሚወጉት ኢንሱሊን ከታረዱ አሳማዎችና ከብቶች ቈሽት የሚጨመቅ ነበር። በ1978 የሰው ኢንሱሊን ዘረመል በባክቴሪያ ውስጥ እንዲሠራ ተደረገ፤ በ1982 በዚሁ መንገድ የተሠራው ኢንሱሊን በአሜሪካ ለሕሙማን ተፈቀደ። በ1986 ደግሞ በእርሾ ውስጥ የሚመረት የጉበት በሽታ ክትባት ተከተለ፤ ኢትዮጵያ በ2007 በክትባት መርሐ ግብሯ ያስገባችው፣ አምስት በሽታዎችን በአንድ መርፌ የሚከላከለው ክትባት አንዱ ክፍል የዚህ ጥበብ ፍሬ ነው። ልውጠ ሕያው፣ ማለት ዘረመሉ በምሕንድስና የተለወጠ ፍጥረት፣ በአገራችን የለም፣ አይግባም የሚለው ሰው ልጁ በጤና ጣቢያ የተወጋውን አስቦት እንደሆነ መጠየቅ ይገባል።

ስለ ኢንሱሊኑና ስለ ክትባቱ ብዙ ክርክር ያልተነሣው በሦስት ምክንያት ነው። አንደኛ፣ የተለወጠው ሕያው በዝግ ጋን ውስጥ ይኖራል እንጂ በሜዳ አይረባም፤ ሁለተኛ፣ ሥጋቱን የሚሸከመውና ጥቅሙን የሚያገኘው አንድ ሰው ነው፤ ሦስተኛ፣ ተጠቃሚው ፈቅዶ ይወስደዋል። እነዚህ ሦስቱ ልክ በማሳው ክርክር ሲጎድሉ የሚታዩት ናቸው። ሆኖም በመድኀኒቱም ረገድ ቢሆን ጥበቡ ርካሽነትን አስከትሎ አልመጣም፤ አሜሪካ ውስጥ የኢንሱሊን ዋጋ ለብዙ ዓመታት ሕሙማንን መጠኑን እንዲቀንሱ እስከ ማስገደድ መድረሱ የታወቀ ነው።

ዘረመልን በራሱ በሕመምተኛው አካል ውስጥ የማስተካከሉ ጥረት የበለጠ እሾህ የበዛበት ነበር። በ1990 የተጀመረው ይህ ሕክምና በ1999 የ18 ዓመት ወጣት በሙከራ ላይ እንዳለ ከሞተ በኋላ፣ ቀጥሎም በፈረንሳይ የተፈወሱ መስለው የታዩ ሕፃናት በደም ካንሰር ከተያዙ በኋላ፣ ለብዙ ጊዜ ተዳፍኖ ነበር። በ2012 ጄኒፈር ዳውድናና ኢማኑዌል ሻርፓንቲየ የገለጡት፣ በ2020 የኖቤል ሽልማት ያስገኘላቸው ክሪስፐር የተባለው የአርትዖት ዘዴ ነገሩን እንደ ገና አነሣው፤ በ2023 መጨረሻ ሲክል ሴል ለተባለው የደም ሕመም በዚህ ዘዴ የተሠራ ሕክምና በብሪታንያና በአሜሪካ ተፈቀደ። የዚህ ሕመም ተጠቂዎች በብዛት የሚገኙት ከሰሐራ በታች ባለው አፍሪካ ሲሆን፣ የሕክምናው የአሜሪካ ዋጋ ግን ሲፈቀድ ለአንድ ሰው 2.2 ሚሊዮን ዶላር ነበር። ሳይንሱ ደርሷል፤ ሕመምተኛው አልደረሰበትም።

እዚህ ላይ ሊዘነጋ የማይገባው መለያ መስመር፣ በአንድ ሰው አካል ተጀምሮ በእርሱ በሚያልቀው ለውጥና ወደ ልጅ ልጅ በሚተላለፈው ለውጥ መካከል ያለው ነው። ቻይናዊው ተመራማሪ ሄ ጂያንኩዊ በኅዳር 2018 ሽል ሳሉ ዘረመላቸው የታረመ መንትዮች መወለዳቸውን ባስታወቀ ጊዜ፣ የዓለም ሊቃውንት በአንድ ቃል የኰነኑት ይህን መስመር በመጣሱ ነው፤ በሚቀጥለው ዓመት መጨረሻም የአገሩ ፍርድ ቤት ሦስት ዓመት እስራት ፈርዶበታል። መስመሩ ለዘለዓለም ይከበር ወይስ ጥበቡ እስኪጠራ ብቻ በሚለው ላይ ግን ኰናኞቹ ራሳቸው አንድ አይደሉም።

የማሳው ክርክር

በሰፊው ማሳ የተዘሩት ልውጠ ሕያዋን በ1996 ተጀምረው በ2019 ወደ 190 ሚሊዮን ሄክታር ገደማ ደርሰዋል። ይህን ቍጥር ደጋፊዎች እንደ ድል ያነሡታል፤ ሲመረመር ግን ከዘጠና በመቶ የሚበልጠው በአምስት አገሮች ማለት በአሜሪካ፣ በብራዚል፣ በአርጀንቲና፣ በካናዳና በህንድ የሚገኝ ሲሆን፣ ተክሎቹ የተሰጣቸው አዲስ ጠባይም በአብዛኛው ሁለት ብቻ ነው፤ ፀረ አረም መድኀኒት ሲረጭባቸው አለመሞትና ተባይን በራሳቸው መግደል። ለድኻው ገበሬ የታሰበው ድርቅ የሚችል፣ ቪታሚን የሞላበት እህል ለረጅም ጊዜ ተስፋ ሆኖ ቈይቷል። የቪታሚን ኤ መነሻ የሆነው ንጥረ ነገር እንዲኖረው የተደረገው ወርቃማ ሩዝ በ2000 በሳይንስ መጽሔት ከታወጀ በኋላ በፊሊፒንስ ለእርሻ የተፈቀደው በ2021 ሲሆን፣ እርሱንም በ2024 የአገሪቱ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት ሽሮታል። የዚህ መዘግየት ጥፋት የተቃዋሚዎች ነው የሚሉ አሉ፤ ዘሩ በራሱ ለዓመታት በምርታማነት አለመሟላቱን የሚያስታውሱም አሉ፤ ሁለቱም እውነት አላቸው።

ምግቡ ሰውን ይጎዳል ወይ ለሚለው ጥያቄ የተሰበሰበው ማስረጃ ከሁሉ የበለጠ ነው። የአሜሪካ የሳይንስ አካዳሚዎች በ2016 ባወጡት ሰፊ ምርመራ፣ በገበያ ላይ ያሉት እህሎች ከተለመዱት ይልቅ ለሰው ጤና አደገኛ ስለመሆናቸው የተረጋገጠ ማስረጃ አላገኙም። በ2012 በፈረንሳይ ሴራሊኒ የተባለው ተመራማሪ ልውጥ በቈሎ የበሉ አይጦች ዕጢ አወጡ ብሎ ያሳተመው ጽሑፍ፣ የአይጦቹ ቍጥር ጥቂትና ዝርያቸውም በተፈጥሮው ለዕጢ የተጋለጠ ስለ ነበረ፣ በሚቀጥለው ዓመት በአሳታሚው መጽሔት ተሰርዟል። ከብራዚል ለውዝ የተወሰደ ዘረመል የገባበት አኩሪ አተር ደግሞ በለውዝ ለሚታመሙ ሰዎች አለርጂ የሚያስነሣ መሆኑ በምርመራ ስለ ታወቀ ለገበያ ሳይቀርብ ቀርቷል። ይህ ምሳሌ በሁለቱም ወገን ይጠቀሳል፤ አንዱ አደጋው እውነተኛ ለመሆኑ፣ ሌላው ምርመራው የሚሠራ ለመሆኑ። ከዚህ የሚወሰደው ትምህርት እያንዳንዱ አዲስ ጠባይ ለየብቻው መመርመር ያለበት መሆኑ ነው እንጂ ጥበቡ በጅምላ መርዝ ነው የሚያሰኝ አይደለም።

ስለ ተባዩ ግን ማስረጃው በተቃራኒው ነው። ትል የሚገድለው ዘረመል የተወሰደው ባሲለስ ቱሪንጂየንሲስ ከተባለ የአፈር ባክቴሪያ ሲሆን፣ ኬሚካል የማይነኩ ገበሬዎች ሳይቀሩ ይህንኑ ባክቴሪያ እንደ መድኀኒት ሲረጩት ኖረዋል። በተክሉ ውስጥ ሲገባ በህንድና በቻይና የጥጥ ማሳዎች የሚረጨውን ኬሚካል በመጀመሪያዎቹ ዓመታት እጅግ ቀነሰ፤ ይህን መካድ አይቻልም። ነገር ግን መርዙ ሌት ተቀን በማሳው ካለ፣ ከትሎቹ መካከል የሚችሉት ተመርጠው ይተርፋሉ፤ ይህም በራሱ የሜንደልና የዳርዊን ሕግ ነው። በህንድ ጉጃራት ሐምራዊው የጥጥ ትል መላመዱ በ2010 ይፋ ሆነ፤ በደቡብ አፍሪካ የበቈሎ አገዳ ቈርቍር ዘሩ ከገባ ዐሥር ዓመት ሳይሞላ ተላመደ። ይኸው የአገዳ ቈርቍር ዝርያ በኢትዮጵያም የበቈሎና የማሽላ ጠላት ስለሆነ፣ የደቡብ አፍሪካው ነገር ለእኛ የሩቅ አገር ወሬ አይደለም። መላመዱን ለማዘግየት ሲባል ከማሳው ጥቂቱ ያልተለወጠ ዘር እንዲዘራበት ይመከራል፤ ከአንድ ሄክታር በታች የሚያርስ ገበሬ ከዚያችው ላይ ቈርሶ ለትል እንዲተው መምከር ግን በወረቀት ላይ የሚቀል ምክር ነው። ፀረ አረም በሚችሉት ተክሎች ረገድም ነገሩ ያው ሲሆን፣ መድኀኒቱን የተላመዱ አረሞች የአሜሪካን እርሻ ክፉኛ እንዳስቸገሩ ከላይ የተጠቀሰው የአካዳሚዎች ጥናት ሳይቀር ጽፎታል።

ሦስተኛው ጉዳይ ባለቤትነት ነው። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1980 በቻክራባርቲ ጉዳይ ሰው የሠራው ሕያው ፓተንት ሊሰጠው እንደሚችል ፈረደ፤ የካናዳው ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2004 ሽማይዘር የተባለው ገበሬ በማሳው የተገኘውን ዘር አውቆ ሰብስቦ በመዝራቱ የዘር ኩባንያውን የሞንሳንቶን ፓተንት ጥሷል ብሎ፣ ይሁን እንጂ ካሳ እንዳይከፍል ወሰነ። ከመከር ላይ ለከርሞ ዘር ማስቀረት የእርሻ መሠረት በሆነበት አገር ይህ ሕግ ምን ማለት እንደሆነ ብዙ ማብራሪያ አያሻውም። ምሕንድስናው ባይኖርም እንኳ ሥጋቱ እውነት መሆኑን የጤፍ ታሪክ ያሳያል፤ አንድ የኔዘርላንድ ኩባንያ በጤፍ ዱቄት አሠራር ላይ ያገኘውን ፓተንት የሄግ ፍርድ ቤት በ2018 አዲስ ፈጠራ የለበትም ብሎ እስኪሰርዘው ድረስ፣ ጤፍ በተገኘባት አገር ላይ ለዐሥር ዓመታት ያህል ጥላውን ጥሎ ነበር። ይህን ካየን በኋላ የዘር ሉዓላዊነትን ጥያቄ የኋላ ቀሮች ፍርሃት ብሎ ማጣጣል ፍትሕ አይደለም። በአንጻሩ የሃዋይ ፓፓያ ከቫይረስ ጥፋት የዳነው በ1998 በመንግሥት ተመራማሪዎችና በዩኒቨርሲቲ ሊቃውንት በተሠራ ልውጥ ዘር ነውና፣ ልውጥ የሆነ ሁሉ የኩባንያ ነው የሚለውም ስሕተት ነው።

ሕጉና የአፍሪካ ድምፅ

ልውጠ ሕያዋን ድንበር ሲሻገሩ የሚገዛቸው የካርታሄና ፕሮቶኮል በጥር 2000 በሞንትሪያል ሲጸድቅ፣ የአፍሪካንና የብዙ ታዳጊ አገሮችን ወገን በመምራት ለጥንቃቄ መርሕ የተከራከሩት ኢትዮጵያዊው ዶክተር ተወልደ ብርሃን ገብረ እግዚአብሔር ነበሩ። በተቃራኒው የቈሙት እህል ላኪዎቹ አሜሪካ፣ ካናዳ፣ አውስትራሊያ፣ አርጀንቲና፣ ቺሊና ኡራጓይ ጉዳት ሳይረጋገጥ ንግድ መከልከል የለበትም ይሉ ነበር። የጥንቃቄ መርሕ የሚለው ግን፣ ማስረጃው ያልተሟላ መሆኑ ብቻውን አገርን ከመከላከል አያግዳትም ነው። ይህ መርሕ ጥበበኛ ሰው የሚቀበለው ቢሆንም፣ መጠኑ ካልተለካ ወዴት እንደሚያደርስ የዛምቢያ ምሳሌ ያመለክታል፤ አገሪቱ በ2002 በረሃብ ላይ ሳለች በእርዳታ የመጣላትን ልውጥ በቈሎ ተፈጭቶም ቢሆን አልቀበልም ስትል፣ አንዳንዶች ክብሯን አደነቁ፣ ሌሎች በሕዝቧ ነፍስ ፈረደች አሉ።

በኢትዮጵያ የደኅንነተ ሕይወት አዋጅ ቍጥር 655/2001 የዶክተር ተወልደ ብርሃንን አሳብ በብዛት የያዘ፣ እጅግ ጥብቅ ሕግ ነበር። ተመራማሪዎች ሕጉ ቤተ ሙከራቸውን ጭምር ዘጋብን እያሉ ስለ አመለከቱ፣ የጨርቃ ጨርቅ ኢንዱስትሪውም ጥጥ ስለ ጠማው፣ በአዋጅ ቍጥር 896/2007 ተሻሻለ። በ2018 ትል የሚገድለው ዘረመል የገባባቸው ሁለት የህንድ ድቅል ጥጦች ተፈቀዱ፤ የአገዳ ቈርቍርንና ድርቅን እንዲችል የታሰበ በቈሎም በዝግ መስክ እንዲሞከር ፈቃድ አገኘ። በዚህ ጊዜ ከቡርኪና ፋሶ መማር ይገባ ነበር። ያች አገር ልውጡን ጥጥ በ2008 አስገብታ በ2016 የተወችው ትሉ ስላልሞተ ወይም ገበሬው ስለ ታመመ ሳይሆን፣ የጥጡ ጭረት ስላጠረ በገበያ ዝናዋን ስላጣች ነው፤ ከደኅንነት ክርክሩ ጋር ምንም ዝምድና የሌለው፣ ነገር ግን ፍርዱን የሰጠው ይህ ነበር።

እንሰት፣ ሁለቱንም ወገን የሚፈትን

ከጥጡ ይልቅ የሚያስተውሉት ሊያተኵሩበት የሚገባው የእንሰት ጉዳይ ነው። እንሰት በደቡብና በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ወደ ሃያ ሚሊዮን የሚጠጋ ሕዝብ የሚመገበው ሲሆን፣ በ1968 በሳይንስ ጽሑፍ የተገለጸው አጠውልግ የተባለው የባክቴሪያ በሽታ በቢላዋና በእጅ ንክኪ ከተክል ወደ ተክል እየተሻገረ ማሳውን ያራቍተዋል፤ ፈጽሞ የማይነካው የእንሰት ዘርም አልተገኘም። ከበርበሬ ወገን የተወሰዱ ሁለት ዘረመሎች በሙዝና በእንሰት ላይ በሽታውን የሚቋቋም ኃይል ማስገኘታቸውን ናይሮቢ ያሉ የዓለም አቀፉ የትሮፒካል ግብርና ተቋም ተመራማሪዎች ከኢትዮጵያ ባልደረቦቻቸው ጋር አሳይተዋል።

ይህን ጉዳይ ከላይ ከተዘረዘሩት ሥጋቶች ጋር ብናስተያየው ብዙዎቹ ይረግፋሉ። እንሰት በዘር ሳይሆን በችግኝ ስለሚባዛና አብዛኛውን ጊዜ ሳያብብ ስለሚቈረጥ፣ ዘረመሉ በአበባ ብናኝ ወደ ጫካው እንሰት የሚሻገርበት መንገድ ጠባብ ነው፤ ችግኙን ገበሬው ራሱ ስለሚያፈላ በየዓመቱ ወደ ሻጭ የሚመልሰው የለም፤ የሚረጭ ኬሚካልም አይከተለውም። እንግዲህ ይህንንም የሚቃወም ሰው ተቃውሞው የአደጋ ሳይሆን የመርሕ መሆኑን በግልጽ ሊናገር ይገባዋል። በሌላ በኩል የእንሰቱ ነገር ለጥጡ ዋስ ሊሆን አይችልም፤ በአንዱ የተገኘውን አመኔታ ወደ ሌላው ማሻገር የደጋፊዎች የተለመደ ስሕተት ነው።

የቀረው ክርክር ስውር ነው። ገበሬዎች በየአካባቢው በልዩ ልዩ ስም የሚጠሯቸው እንሰቶች እጅግ ብዙ ናቸው፤ አንዱ ለቆጮ፣ አንዱ ለቡላ፣ አንዱ ለቃጫ፣ አንዱ ለመድኀኒት ተለይቶ ይተከላል፤ ይህንንም የሚያውቁት በተለይ ሴቶቹ ናቸው። ጥቂቶቹ ብቻ ተለውጠው ቢሠራጩ፣ በሽታውን የቻሉት ሌሎቹን ከጓሮ ያስወጡ ይሆናል፤ በአጠውልግ ያልጠፋው ብዝኀነት በመፍትሔው ሊጠፋ ነው ማለት ነው። ቢላዋን በእሳት ማጽዳትና የታመመውን በኅብረት ነቅሎ መቅበር በሽታውን እንደሚቀንስ የተረጋገጠ ሲሆን፣ ይህ ግን መንደሩ ሁሉ በአንድነት ካልተነሣ አይሠራም።

ያልተቋጩ ነገሮች

በአሁኑ ጊዜ ክርክሩ ወደ አርትዖት ተሻግሯል። ጤፍ ዘለላው ሲከብድ አገዳው ስለማይችለው ይጋሸባል፤ አሜሪካ የሚገኙት የዳንፎርዝ ማእከልና ኮርቴቫ የተባለው ኩባንያ ከኢትዮጵያ የግብርና ምርምር ኢንስቲትዩት ጋር ሆነው የተክሉን ቁመት የሚወስነውን የራሱን ዘረመል በክሪስፐር በመንካት አጭር ጤፍ አስገኝተዋል። በመጨረሻው ዘር ውስጥ ከሌላ ፍጥረት የመጣ ነገር ሊቀር ስለማይገባው፣ ይህ ልውጠ ሕያው ነው ወይስ አይደለም? የአውሮፓ የፍትሕ ፍርድ ቤት በ2018 ነው አለ፤ ናይጄሪያ በ2020፣ ኬንያ በ2022 ባወጧቸው መመሪያዎች የውጭ ዘረመል የሌለበትን ከጥብቁ ሕግ ነፃ የሚያወጣ በር ከፈቱ። የሠሪው ሥራ ከተፈጥሮ ለውጥ በምርመራ ሊለይ የማይችል ከሆነ ደግሞ፣ ምልክት ይለጠፍበት የሚለው ሕግ በማን እጅ ይፈጸማል? ጉዳት ቢደርስ ካሳ የሚከፍለው ማን ነው የሚለውን ለመመለስ በ2010 የጸደቀው የናጎያና የኳላ ሉምፑር ተጨማሪ ፕሮቶኮል በ2018 በሥራ ላይ ውሏል፤ ዝርዝሩን ግን ለየአገሩ ሕግ ይተወዋል።

ጤፍ በአብዛኛው ራሱን በራሱ የሚያዳቅል ሣር ስለሆነ፣ የታረመው ዘር ከጎረቤት ማሳ ጋር የመቀላቀሉ ሥጋት ትንሽ ነው። በክሪስፐር ላይ ያሉት ፓተንቶች ግን በአሜሪካ ተቋማት መካከል ለዓመታት ሲያሟግቱ የኖሩ ስለሆኑ፣ ከቤተ ሙከራ ወጥቶ ለጎጃም ወይም ለአድአ ገበሬ የሚደርሰው ጤፍ በየትኛው ፈቃድና በምን ውል እንደሚደርስ፣ ገበሬውም ከመከሩ ላይ ለከርሞ ዘር ማስቀረት፣ ለጎረቤቱም ማበደር ይችል እንደሆነ፣ ዘሩ ከመሠራጨቱ በፊት በጽሑፍ ተወስኖ ለሕዝብ ሊገለጥ የሚገባው ነገር ነው።